ሳቪትሪባይ ፉሌ፥ መምህርተ ፑና

ወይዘሮ ሳቪትሪባይ ፉሌ በምዕራብ ሕንድ፥ ናይጋኦን በምትባል መንደር፥ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1831 ዓ.ም. ተወለዱ። ወገናቸው አትክልተኛ፥ ያውም ሴት ስለ ሆኑ፥ ፊደል የሚያስቈጥራቸው አልተገኘም ነበር። በልጅነታቸው ያገቧቸው ባላቸው ጆቲራኦ ግን አስተማሯቸው፤ ባልን የሚያስመሰግን ሥራ ነው።

በ1848 ዓ.ም. ሁለቱ በፑና ከተማ የሴቶች ልጆች ትምህርት ቤት ከፈቱ። ሴትን ማስተማር ነውር የሚመስለው ሰው ግን ወይዘሮዪቱ በመንገድ ሲያልፉ ጭቃና እበት ይወረውርባቸው ነበር። እርሳቸውም ትርፍ ልብስ ይዘው ይሄዱና ከትምህርት ቤቱ ሲደርሱ ለውጠው ያስተምሩ ነበር። በ1849 ዓ.ም. አማታቸው ከቤት ቢያስወጧቸውም ሥራቸውን አልተዉም።

በ1897 ዓ.ም. ቸነፈር በገባ ጊዜ፥ በማደጎ ካሳደጉት ከሐኪሙ ልጃቸው ጋር ሕሙማንን አስታመሙ። ሰው ሊነካው ከሚጸየፈው ወገን የተወለደ አንድ ሕፃን ታሞ ቢያገኙ፥ ተሸክመው ከሐኪም ቤት አደረሱት። በሽታው ወደ እርሳቸው ተላልፎ በዚያው ዓመት በማርች 10 ቀን ዐረፉ።