የክረምት ቤተ መንግሥትን ያነጸው ራስትሬሊ

በሩሲያዋ የሴንት ፒተርስበርግ ከተማ፣ በኔቫ ወንዝ ዳርቻ፣ አረንጓዴና ነጭ ቀለም የተቀባ ታላቅ ሕንፃ ተንጣሎ ይታያል። የክረምት ቤተ መንግሥት ይባላል። ክረምት ሲባል እኛ የምናውቀው የዝናብ ወራት አይደለም፤ ወንዙ ራሱ ወደ በረዶነት ተለውጦ ሰው በእግሩ የሚሻገርበት የብርድ ወቅት ነው። ነገሥታቱ በእነዚያ ወራት የሚቀመጡበት ቤት ስለነበረ ስያሜውን ከዚያ አገኘ። ከ1,000 በላይ ክፍሎች፣ ወደ 2,000 የሚጠጉ መስኮቶችና ከ100 የሚበልጡ ደረጃዎች ያሉት ይህ ሕንፃ፣ ዛሬ ኤርሚታዥ የተባለው ዝነኛ ቤተ መዘክር ዋና ክፍል ነው። ያነጸው ሰው ፍራንቼስኮ ባርቶሎሜዎ ራስትሬሊ ይባላል። በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር የተሰሉ ናቸው።

ራስትሬሊ በ1700 በፓሪስ ከተማ ተወለደ። አባቱ ከጣሊያኗ ፍሎረንስ የመጣ ቅርጻ ቅርጽ ሠሪ ሲሆን፣ የልጁ የመጀመሪያ ትምህርት ቤትም የአባቱ መሥሪያ ቦታ ነበር። በ1715 የፈረንሳዩ ንጉሥ ሉዊ 14ኛ ሲሞቱ፣ በእርሳቸው ግምጃ ቤት ይተዳደር የነበረው የኪነ ጥበብ ባለሙያ ሁሉ ሌላ ደጅ መጥናት ጀመረ። በዚያው ወቅት የሩሲያው ታላቁ ጴጥሮስ ለአዲሲቱ ዋና ከተማቸው ባለሙያ በመላው አውሮፓ ያስፈልጉ ነበር። አባት ውል ፈረመ፤ በ1716 ልጁን ይዞ ሩሲያ ገባ።

ከተማዋ ያን ጊዜ ከተቆረቆረች ገና 13 ዓመቷ ነበር። የተሠራችው ረግረግ ላይ ነው። መሠረት ለመጣል አስቀድሞ የእንጨት ግንድ እየተቀጠቀጠ ወደ ጭቃው መቀበር ነበረበት፤ ለዚህም ሥራ ከየአውራጃው በግዳጅ የሚመጡ ገበሬዎች ይሰማሩ ነበር። ድንጋይ በአካባቢው ስለማይገኝ ንጉሡ በ1714 ከዋና ከተማቸው በቀር በግዛታቸው ሁሉ በድንጋይ መገንባትን ከለከሉ። በዚህም በአገሪቱ ያለው ግንበኛ በሙሉ ሥራ ፍለጋ ወደ ፒተርስበርግ እንዲጎርፍ ሆነ። ወደ ከተማዋ የሚገባ መርከብና ጋሪም የተወሰነ ድንጋይ ይዞ እንዲመጣ ታዘዘ። ወጣቱ ራስትሬሊ ያደገው እንግዲህ ድንጋይ በአዋጅ በሚሰበሰብበት በዚህ ከተማ ነው።

አባትየው የታላቁ ጴጥሮስን ምስል በነሐስና በሰም በመሥራት ስሙ ገነነ። ልጁ ግን ከምስል ይልቅ ወደ ሕንፃ አዘነበለ። የመጀመሪያ ሥራው ከሞልዳቪያ ተሰድደው በሩሲያ ለተጠጉት መስፍን ለዲሚትሪ ካንተሚር ያነጸው መኖሪያ ነበር። ጴጥሮስ በ1725 ካረፉ በኋላ ዙፋኑ ከእጅ ወደ እጅ ሲዘዋወር ቆይቶ በ1730 ንግሥት አና ኢቫኖቭና ነገሡ። የራስትሬሊ ዕድል በእርግጥ የተከፈተው በእርሳቸው ዘመን ነው።

አና እጅግ የሚወዱት ኤርንስት ዮሐን ቢሮን የተባለ ባለሟል ነበራቸው። ይህ ሰው ዛሬ ላትቪያ በምትባለው አገር በነበረችውና ኋላ መስፍን ሆኖ በተሾመባት በኩርላንድ ለማዕረጉ የሚመጥን ቤት ፈለገ። ራስትሬሊም በ1736 በሩንዳሌ፣ በ1738 ደግሞ በሚታው ሁለት ታላላቅ ቤተ መንግሥታትን ጀመረለት። በዚያው በ1738 የቤተ መንግሥቱ ዋና የሕንፃ ባለሙያ ሆኖ ተሾመ። ከሁለት ዓመት ያህል በኋላ ግን አና ሞቱ፤ ቢሮንም በሳምንታት ውስጥ ታስሮ ወደ ሳይቤሪያ ተጋዘ። የሩንዳሌና የሚታው ግንባታ ቆመ። የሚያሠራው ሰው ሲወድቅ ሕንፃውም አብሮ እንደሚቆም ራስትሬሊ ያኔ በዓይኑ አየ። ይህ ዕጣ ኋላ በራሱም ላይ ደርሷል።

በ1741 አንድ የኅዳር ሌሊት የታላቁ ጴጥሮስ ልጅ ኤልሳቤጥ የክብር ዘበኞችን አስከትለው ሥልጣኑን ያዙ። አዲሲቱ ንግሥት በአና ዘመን የገነነውን ሰው በመጀመሪያ በጥርጣሬ ነበር የተመለከቱት። ይሁን እንጂ ለቀደመችው ሞግዚት ገዥ ጀምሮት የነበረውን የእንጨት የበጋ ቤተ መንግሥት ሲፈጽምና ኤልሳቤጥም ሲገቡበት ጥርጣሬው ተረሳ። ድግስ፣ ጭፈራና ጌጥ ለሚወዱት ንግሥት ከእርሱ የተሻለ ሰው በግዛታቸው አልነበረም። ከዚያ በኋላ 20 ለሚያህሉ ዓመታት በሩሲያ የቆመ ዐቢይ ቤተ መንግሥትና ቤተ ክርስቲያን ሁሉ የእርሱ እጅ ያረፈበት ነበር ማለት ይቻላል።

የሚከተለው የአሠራር ስልት ባሮክ ይባላል። በጣሊያን የተወለደ፣ ጌጥ የሚበዛበት፣ ግድግዳው ዝም ብሎ ቀጥ ከማለት ይልቅ የሚወጣና የሚገባ፣ በዓምድና በምስል የተሸፈነ አሠራር ነው። ራስትሬሊ ይህን ስልት ለሩሲያ ምድር አመቻቸው። መሬቱ ሜዳ፣ ሰማዩ በዓመቱ አብዛኛው ወራት ዳመናማ በሆነበት አገር የድንጋይን የተፈጥሮ መልክ ብቻ ይዞ የቆመ ሕንፃ ከሩቅ አይለይም። ስለዚህ ግድግዳውን በደማቅ ቀለም ቀባ፤ ዓምዶቹን ነጭ አደረገ፤ ጌጡን በወርቅ ለበጠ፤ ቤቱንም ወደ ላይ ከማስረዘም ይልቅ ወደ ጎን ዘረጋው። ለቤተ ክርስቲያን ደግሞ የሩሲያ ኦርቶዶክሳውያን የሚያውቋቸውን አምስት ጉልላቶች ከባሮክ ጋር አዋሐደ። በፒተርስበርግ የሚገኘው ሰማያዊና ነጭ የስሞልኒ ገዳም እንዲሁም በኪየቭ ኮረብታ ላይ ያለው የቅዱስ እንድርያስ ቤተ ክርስቲያን ምስክሮች ናቸው። የስሞልኒ የደወል ማማ 140 ሜትር እንዲረዝም ታቅዶ ነበር። ገንዘብ ጠፋና ማማው ሳይሠራ ቀረ፤ ከእንጨት የተሠራው ማሳያ ግን እስከ ዛሬ ተጠብቆ ይገኛል።

ከከተማው ወጣ ብሎ በባሕሩ ዳርቻ በፒተርሆፍ፣ ታላቁ ጴጥሮስ የሠሩትን ቤት ከ1745 ጀምሮ አስፋፍቶ ከነፏፏቴው ዛሬ የምናየውን መልክ ሰጠው። የኤልሳቤጥን ልብ ይበልጥ የያዘው ግን በጻርስኮዬ ሴሎ የነበረው የእናታቸው ቤት ነበር። በ1752 ራስትሬሊ አሮጌውን ቤት መለስ ብሎ እንደ አዲስ ማነጽ ጀመረ፤ በ1756 ንግሥቲቱ የውጭ አገር አምባሳደሮችን ጠርተው አስመረቁት። የካትሪን ቤተ መንግሥት የተባለው ይህ ሕንፃ የፊት ገጹ ብቻ 325 ሜትር ይረዝማል። አንድ ሰው ከጫፍ እስከ ጫፍ ለመሄድ አራት ደቂቃ ያህል ይፈጅበታል። የውጭውን ጌጥ ለመለበጥ ከ100 ኪሎ ግራም በላይ ወርቅ ወጥቷል። ታላቁ አዳራሽ ከ800 ካሬ ሜትር ይሰፋል፤ በሁለቱም ወገን መስኮት ስላለውና በመስኮቶቹ መካከል መስታወት ስለተሰቀለ፣ በሌሊት ሻማ ሲበራ ግድግዳ ያለው አይመስልም ነበር።

በዚሁ ቤት ውስጥ የአምበር ክፍል የሚባል አለ። አምበር የጥንት ዛፎች ሙጫ በብዙ ሚሊዮን ዓመታት ጠንክሮ ድንጋይ የመሰለ፣ የማር ቀለም ያለው ማዕድን ነው። የፕሩሲያ ንጉሥ በ1716 ለታላቁ ጴጥሮስ በስጦታ የሰጡትን የአምበር ግድግዳ ራስትሬሊ በ1755 በዚህ ቤት አስገጠመው። ክፍሉ ከአምበሩ ይልቅ ሰፊ ስለነበረ ጉድለቱን በመስታወትና በወርቅ ቅብ ጌጥ ሞላው።

የክረምት ቤተ መንግሥት ነገር ለብቻው ሊነገር የሚገባው ነው። ኤልሳቤጥ አሮጌው ቤት ጠቦኛል ብለው በ1754 አዲሱን ንድፍ አጸደቁ። መጀመሪያ የተመደበው ገንዘብ 859,555 ሩብል ሲሆን፣ ምንጩም በመንግሥት ይዞታ ሥር ከነበሩት መጠጥ ቤቶች የሚሰበሰበው ገቢ ነበር። በሌላ አነጋገር ገበሬውና የከተማው ድሃ ለአንድ ኩባያ ቮድካ የከፈለው ሳንቲም ተጠራቅሞ የንግሥቲቱ ግድግዳ ሆነ። ያም አልበቃም። በ1756 ሩሲያ ለሰባት ዓመት በሚጠራው ጦርነት ውስጥ ገባች፤ ግምጃ ቤቱም በአንድ እጁ ለወታደር፣ በሌላው ለግንበኛ መክፈል አቃተው። በጨውና በመጠጥ ላይ ያለው ግብር እንዲጨምር ተደረገ። በመጨረሻ የወጣው ወጪ ወደ 2.5 ሚሊዮን ሩብል ደረሰ፤ ከታቀደው ሦስት እጥፍ ያህል መሆኑ ነው።

በሥራው ላይ ግንበኞች፣ ጠራቢዎች፣ አናጢዎች፣ ለሳኞችና አንጥረኞች በብዙ ሺህ ተሰማርተዋል። አብዛኛው ከያሮስላቭልና ከኮስትሮማ አውራጃዎች የመጣ ገበሬ ነበር። በዚያ ዘመን የሩሲያ ገበሬ ብዙው የጌታው ንብረት ነው፤ ይሸጣል፣ ይለወጣል፤ ለሥራ ሲሄድም ከሚያገኘው ላይ ለጌታው ይከፍላል። የተራው ሠራተኛ ደመወዝ በወር አንድ ሩብል ያህል እንደነበር ይነገራል። ማደሪያቸው ከቤተ መንግሥቱ ፊት ለፊት ባለው ሜዳ ላይ የቀለሷቸው ጎጆዎች ነበሩ። የራስትሬሊ ስም በየመጽሐፉ ሲነሣ የእነዚያ ሰዎች ስም አለመነሣቱ ያሳዝናል፤ ንድፍ በወረቀት ላይ ሳለ ድንጋይ አያነሣምና።

ኤልሳቤጥ ቤቱ ሲያልቅ አላዩም። በ1761 ማብቂያ፣ በአሮጌው የሩሲያ አቆጣጠር በልደት በዓል ዕለት፣ አዲሱ ቤት እስኪደርስ ብለው ለጊዜው ባሠሩት የእንጨት መኖሪያ ውስጥ ዐረፉ። ተተኪያቸው ሦስተኛው ጴጥሮስ በሚቀጥለው ሚያዝያ ሊገቡ ሲሉ ግን የቤቱ ፊት በጎጆ፣ በጣውላ፣ በጡብና በድንጋይ ክምር ተሞልቶ መተላለፊያ ጠፋ። ለማስጠረግ ሳምንታትና ብዙ ገንዘብ ያስፈልግ ነበር። የከተማው ፖሊስ አዛዥ አንድ ሐሳብ አቀረበ፤ ሕዝቡ የፈለገውን በነፃ ይውሰድ የሚል። ፈቃዱ እንደታወጀ የከተማው ነዋሪ ጋሪና ቅርጫት ይዞ ጎረፈ፤ ማገዶ የፈለገ ማገዶውን፣ ጡብ የፈለገ ጡቡን ሸክፎ ሜዳው በአንድ ቀን ንጹሕ ሆነ። ሕዝቡ ከቤተ መንግሥቱ በእጁ ያገኘው ነገር ቢኖር ይህ ብቻ ይመስለኛል።

ንጉሡ ራስትሬሊን የሜጀር ጄኔራልነት ማዕረግና የቅድስት አና ኒሻን ሸለሙት። ሦስት ወር አልቆየም፤ በሰኔ ወር 1762 ባለቤታቸው ካትሪን ከዙፋን አወረዷቸውና ዳግማዊት ካትሪን ተብለው ነገሡ። አዲሲቱ ንግሥት የኤልሳቤጥን ጌጥ አይወዱም። ቀጥ ያለ፣ የጥንት ግሪክንና ሮማን የሚመስል ቁጥብ አሠራር ነበር የሚመርጡት። በጻርስኮዬ ሴሎ የወርቅ ልባጡ እንዲቀጥል አልፈቀዱም፤ በክረምት ቤተ መንግሥት ያልተፈጸመውን የውስጥ ሥራም ለሌሎች ሰጡት። ራስትሬሊ ፈቃድ ጠይቆ ወደ ጣሊያን ሄደ። ሲመለስ ቦታው ተይዟል። በ1763 በዓመት 1,000 ሩብል ጡረታ ተቆርጦለት ከሥራ ተሰናበተ። ከግንበኛው ዓመታዊ ደመወዝ ጋር ሲነጻጸር ይህ ብዙ ገንዘብ ነው፤ የ63 ዓመቱን ሰው የጎዳው የገንዘብ ማነስ ሳይሆን ሥራ ማጣቱ ነበር።

ከግዞት የተመለሰው አሮጌው ቢሮን ግን አልረሳውም። ካትሪን የኩርላንድን መስፍንነት መልሰውለት ስለነበር፣ ከ20 ዓመት በላይ ተቋርጠው የቆዩትን የሩንዳሌና የሚታው ቤተ መንግሥታት እንዲፈጽምለት ራስትሬሊን ጠራው። የውጭው ግድግዳ በእርሱ ንድፍ የቆመ ሲሆን፣ የውስጡን ጌጥ ሌሎች ባለሙያዎች በአዲሱ ዘመን ስልት ሠሩት። ራስትሬሊ በእነዚያ ዓመታት በሕይወቱ የሠራቸውን ሕንፃዎች አንድ በአንድ ዘርዝሮ በፈረንሳይኛ ጻፈ። በ1771 መጀመሪያ የሩሲያ የሥነ ጥበብ አካዳሚ በአባልነት ተቀበለው። በዚያው ዓመት ሞተ፤ መቃብሩ የት እንደሆነ አይታወቅም።

ከፈረሱት ሥራዎቹ አንዱ ኤልሳቤጥን ያስደሰተው የእንጨቱ የበጋ ቤተ መንግሥት ነው። በዚያ ቤት የተወለዱት ንጉሥ ጳውሎስ ሲነግሡ አስፈርሰውት በቦታው ምሽግ የመሰለ ግንብ አሠሩ፤ በ1801 በዚያው ግንብ ውስጥ ተገደሉ። ከግንቡ ፊት ለፊት የቆመው በፈረስ ላይ ያለው የታላቁ ጴጥሮስ ሐውልት የራስትሬሊ አባት ሥራ ነው። የልጁ ቤት በፈረሰበት ስፍራ የአባቱ ሐውልት እስከ ዛሬ አለ።

የክረምት ቤተ መንግሥት በ1837 በተነሣ እሳት ውስጡ ወደመ፤ ግድግዳው ግን ቆመ። ዋናው ደረጃ በራስትሬሊ ንድፍ መሠረት እንደገና ተሠራ። በ1844 በወጣ ሕግም በከተማዋ የግል ቤት ከዚህ ቤተ መንግሥት ከፍታ እንዳያልፍ ተከለከለ። ፒተርሆፍና ጻርስኮዬ ሴሎ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት በጀርመን ጦር እጅ ወድቀው ተቃጠሉ፤ የአምበሩ ግድግዳ ተነቅሎ ተወሰደና የደረሰበት ጠፋ። ሁለቱም ከፍርስራሽ ተነሥተዋል፤ የአምበሩ ክፍልም እንደ አዲስ ተሠርቶ በ2003 ተከፍቷል።

ሩንዳሌ ደግሞ ከጦርነቱ በኋላ እህል ማከማቻ ሆኖ ነበር። የመስፍኑ አዳራሾች ጎተራ ሆኑ፤ የግብር ቤቱም ለተማሪዎች የስፖርት መሥሪያ ተደረገ። በ1972 ቤተ መዘክር ተቋቁሞ ጥገናው ተጀመረ፤ ሥራው የተጠናቀቀው ከ40 ዓመት በላይ ቆይቶ ነው። ለግንባታው ከወሰደው ጊዜ በላይ ማለት ነው።