አንቶኒን ቤስ (1877–1951) እና የቀይ ባሕር የቆዳና ሌጦ ንግድ

ነጋዴው አንቶኒን ቤስ እ.ኤ.አ. በ1877 በደቡብ ፈረንሳይ፣ በካርካሶን ከተማ ተወለደ። በ1899 ወደ ኤደን ተሻግሮ በባርዴ የንግድ ቤት ተቀጠረ፤ ከጥቂት ዓመታት በኋላም የራሱን ድርጅት አቋቋመ። ከኢትዮጵያና ከአካባቢው ቡና፣ ዕጣን፣ ቆዳና ሌጦ እየገዛ ወደ ውጭ ይልክ ነበር። በ1920ዎቹ ደግሞ የሼል ኩባንያ ወኪል በመሆን በነዳጅ ንግድ ተሰማራ።

የሀብቱ አንዱ ምንጭ ጥሬ ዕቃን ሰብስቦ በመርከብ መላክ ነበር። ይህ ሥርዓት ለወሎም እንግዳ አይደለም። በዓለም ገበያ «ባቲ» የሚባለው የፍየል ሌጦ ስሙን ያገኘው ከኮምቦልቻ በስተምሥራቅ ከምትገኘው የገበያ ከተማ ሲሆን፣ ከደሴ በኮምቦልቻ በኩል ወደ አሰብ የሚወርደው መንገድም የወጪ ንግድ መተላለፊያ ሆኖ አገልግሏል።

ቤስ በ1948 ለኦክስፎርድ ዩኒቨርሲቲ 1.5 ሚሊዮን ፓውንድ የሚገመት ገንዘብ ለገሰ፤ በዚህም የቅዱስ አንቶኒ ኮሌጅ ተመሠረተ። እርሱም በ1951 አረፈ። የሕይወት ታሪኩ እንደሚያሳየው፣ ጥሬ ዕቃ ሳይለፋና ሳይፈበረክ ሲወጣ ትርፉ ከአምራቹ ይልቅ በሩቅ አገር ተቋም ይገነባል። በኮምቦልቻ የቆዳ ፋብሪካ የመተከሉ ፋይዳም መመዘን የሚገባው ከዚህ አንጻር ነው።