ዮሪስ ኢቨንስ፦ በአገሩና በካሜራው መካከል

ሆላንዳዊው የፊልም ባለሙያ ዮሪስ ኢቨንስ እ.ኤ.አ. በ1898 በናይሜኸን ከተማ ተወለደ። አያቱ ፎቶ አንሺ፣ አባቱም የፎቶግራፍ ዕቃ ነጋዴ ስለነበሩ ካሜራን የለመደው በልጅነቱ ነው። በ1928 የሮተርዳምን የባቡር ድልድይ ከፍና ዝቅ ማለት የሚያሳየውን «ድልድዩ»ን፣ በ1929 ደግሞ ከማኑስ ፍራንከን ጋር ስለ አምስተርዳም «ዝናብ»ን ሠርቶ ታወቀ። በዚያው ዓመት ሁለቱ ሥራ ስላጣ ዓሣ አጥማጅ የሚተርክ ልብ ወለድ ፊልም አዘጋጁ። ቆየት ብሎ ኢቨንስ ወደ ማኅበራዊ ጉዳይ አዘነበለ፤ ከቤልጂጋዊው አንሪ ስቶርክ ጋር የቦሪናዥን የከሰል ማዕድን ሠራተኞች ኑሮ፣ በ1937 ደግሞ የስፔንን የእርስ በርስ ጦርነት በፊልም አቀረበ።

ከባዱ ፈተና የመጣው ከገዛ መንግሥቱ ጋር ነው። የኔዘርላንድ መንግሥት ለምሥራቅ ህንድ ቅኝ ግዛቱ የፊልም ኮሚሽነር አድርጎ ሾመው። በ1945 ኢንዶኔዥያውያን ነጻነታቸውን ሲያውጁ፣ መንግሥቱም ግዛቱን መልሶ ለመያዝ ሲነሣ፣ ኢቨንስ ሹመቱን ለቀቀ። ወዲያውም በአውስትራሊያ ወደቦች የሆላንድን መርከቦች አንጭንም ያሉትን ሠራተኞች አድማ «ኢንዶኔዥያ ትጣራለች» በተሰኘው የ1946 ፊልም አሳየ። በዚህ የተነሣ የአገሩ ባለሥልጣናት ፓስፖርቱን በማደስ ረገድ እንቅፋት ሆኑበት፤ አብዛኛውን ዘመኑንም በውጭ አሳለፈ።

በ1985 የኔዘርላንድ የባህል ሚኒስትር ፓሪስ ድረስ ሄዶ ሽልማት ሰጠው፤ በኢንዶኔዥያ ጉዳይም ታሪክ ከተቃዋሚዎቹ ይልቅ ለኢቨንስ እንደፈረደ አመነ። ዕርቁ አርባ ዓመት ያህል ዘግይቷል። ኢቨንስ በ1989 እዚያው ፓሪስ አረፈ።