ራስ አሉላ አባ ነጋ

በ19ኛው ምዕት ዓመት መጨረሻ ገደማ አገራቸውን ከወራሪ በመከላከል ስማቸው ከገነነ የጦር መሪዎች አንዱ ራስ አሉላ እንግዳ ናቸው። በዘመኑ ልማድ በፈረሳቸው ስም አባ ነጋ እየተባሉ ይጠሩ ስለ ነበር፣ ዛሬም በሰፊው የሚታወቁት ራስ አሉላ አባ ነጋ በሚለው ስማቸው ነው። ራስ አሉላ በሃያ ዓመት ጊዜ ውስጥ ከግብፅ፣ ከሱዳን መሐዲስቶችና ከኢጣሊያ ጦር ጋር ተዋግተዋል። የሕይወት ታሪካቸው፣ ራሱን ለመከላከል የተነሣ ሕዝብ የጦር መሣሪያን ከየት እንዳገኘና እንዴት እንደ ተጠቀመበት፣ እንዲሁም ያው መሣሪያ በወገን ላይ በዞረ ጊዜ ምን እንዳስከተለ በግልጽ ያሳያል።

ልደትና አስተዳደግ

ራስ አሉላ በ1840 ዓ.ም. ገደማ በትግራይ፣ በተምቤን ውስጥ መነወ በምትባል መንደር ተወለዱ። አባታቸው እንግዳ ቁቢ ገበሬ ነበሩ። በዚያን ዘመን ከፍተኛ ማዕርግ የሚገኘው በአብዛኛው በዘር ሐረግ ስለ ነበር፣ የገበሬ ልጅ ራስ ይሆናል ብሎ የሚገምት አልነበረም። ስለ ልጅነታቸው እንዲህ ተብሎ ይተረካል። አሉላ አንድ ቀን ከእኩዮቻቸው ጋር ሆነው፣ ለሠርግ ዳቦ ተሸክመው የሚያልፉ ሰዎችን መንገድ ላይ አስቁመው ወዴት እንደሚሄዱ ጠየቋቸው። መንገደኞቹም በልጁ ድፍረት እየሣቁ ወደ ራስ አሉላ ግቢ እንደሚሄዱ በፌዝ መለሱላቸው። ከዚያ ቀን ጀምሮ የመንደሩ ሰው ራስ አሉላ እያለ ይጠራቸው ጀመር ይባላል። በፌዝ የተሰጠው ስም ከጊዜ በኋላ እውነተኛ ማዕርግ ሆነ።

አሉላ ለአካለ መጠን ሲደርሱ በመጀመሪያ በራስ አርአያ ድምፁ ቤት፣ ቀጥሎም የራስ አርአያ የእኅት ልጅ በሆኑት በደጃዝማች ካሣ ምርጫ ቤት በአገልጋይነት ገቡ። በትጋታቸውና በታማኝነታቸውም እልፍኝ አስከልካይ ለመሆን በቁ። እንግሊዞች በ1860 ዓ.ም. ወደ መቅደላ በዘመቱ ጊዜ ካሣ በግዛታቸው ስላሳለፏቸው፣ ሲመለሱ መድፎችና በመቶዎች የሚቆጠሩ ጠመንጃዎች ሰጥተዋቸው ነበር። ካሣም በሐምሌ ወር 1863 ዓ.ም. ዓድዋ አጠገብ አሰም በተባለው ስፍራ፣ በቁጥር እጅግ የሚበልጠውን የዐፄ ተክለ ጊዮርጊስን ጦር በእነዚህ መሣሪያዎች ድል አደረጉ። በጥር 1864 ዓ.ም. ዐፄ ዮሐንስ 4ኛ ተብለው ሲነግሡ፣ አሉላ ከንጉሠ ነገሥቱ የቅርብ ሰዎች አንዱ ሆኑ።

የጉንደትና የጉራዕ ጦርነቶች

በዚያ ወቅት የግብፅ ገዥ የነበረው ከዲቭ ኢስማኤል ግዛቱን እስከ ኢትዮጵያ ደጋ ለማስፋፋት ይመኝ ነበር። ምፅዋን በእጁ አድርጎ በ1864 ዓ.ም. ከረንን ያዘ፤ በ1868 ዓ.ም. ደግሞ ጦሩን ወደ መረብ ወንዝ አዘመተ። የግብፅ ወታደሮች የታጠቁት በአሜሪካ የተሠራውን ሬሚንግተን የተባለ ጠመንጃ ነበር። ከኢትዮጵያ ወታደሮች ግን አብዛኛዎቹ የያዙት ጦር፣ ጎራዴና ጋሻ ሲሆን፣ የጥቂቶቹ ጠመንጃም ባሩድና አረር በአፈሙዙ የሚጎርስ አሮጌ መሣሪያ ነበር። እንዲህ ያለውን ጠመንጃ አንድ ጊዜ ተኩሶ እንደገና ለማጉረስ ረዘም ያለ ጊዜ ይጠይቃል። ሬሚንግተን ግን ጥይቱ ከኋላ በኩል ስለሚገባ፣ ተኳሹ በአንድ ደቂቃ ውስጥ ደጋግሞ ይተኩስበታል።

የኢትዮጵያ ጦር ይህን ብልጫ የተቋቋመው የመሬቱን አቀማመጥ በማወቅና ርቀትን በማጥበብ ነው። ኅዳር 7 ቀን 1868 ዓ.ም. በጉንደት፣ በዴንማርካዊው ኮሎኔል አሬንድሩፕ የሚመራውን የግብፅ ጦር በሸለቆ ውስጥ ከብቦ፣ ለተኩስ ፋታ ሳይሰጥ በጎራዴ ውጊያ ደመሰሰው። ቀጥሎም ከዚያ የሚበልጥ ሌላ የግብፅ ጦር በጉራዕ ሰፈረ። በየካቲት መጨረሻ ከምሽጉ ወጥቶ ሜዳ ላይ የተዋጋው ክፍል ተሸነፈ። ይሁን እንጂ ኢትዮጵያውያን ምሽጉን ራሱን ለመስበር ባደረጉት ሙከራ ብዙ ሰው አለቀባቸው። አሉላ በሁለቱም ጦርነቶች ተካፍለው ታላቅ ዝና አተረፉ።

ከእነዚህ ድሎች በኋላ በሺህ የሚቆጠሩ የሬሚንግተን ጠመንጃዎችና በርካታ መድፎች በኢትዮጵያ ጦር እጅ ገቡ። አገሪቱን ለመውረር የመጣው መሣሪያ የአገሪቱ መከላከያ ሆነ።

የመረብ ምላሽ ገዥ

በ1869 ዓ.ም. መጀመሪያ ዐፄ ዮሐንስ ለአሉላ የራስነት ማዕርግ ሰጥተው፣ መረብ ምላሽ ይባል የነበረውንና ዛሬ በኤርትራ ውስጥ የሚገኘውን አገር እንዲያስተዳድሩ ሾሟቸው። ከጊዜ በኋላ ራስ አሉላ መቀመጫቸውን አሥመራ ላይ አደረጉ። በዚያን ጊዜ አነስተኛ መንደር የነበረችው አሥመራም ከምፅዋ የሚመጡ ነጋዴዎች የሚያርፉባት የገበያ ከተማ ሆነች።

የራስ አሉላ አገዛዝ ግን ለሁሉም እኩል አልነበረም። ግብሩ የከበደባቸው ባላገሮችና ሥልጣናቸውን ያጡ የአካባቢው ባላባቶች ይቃወሟቸው ነበር። በ1879 ዓ.ም. በኩናማ ሕዝብ ላይ ያካሄዱት ዘመቻም ብዙ ሕይወት አጥፍቷል። ድንበር ሲጠብቅ መከታ የነበረው ጠመንጃ፣ በራሱ መንደር ውስጥ ለተቀመጠ ገበሬ የጥፋት መሣሪያ ነበር።

ከኢጣሊያ ጋር የተደረገው ትግል

ግንቦት 27 ቀን 1876 ዓ.ም. በዓድዋ ከእንግሊዝ ጋር ውል ተፈረመ። በውሉ መሠረት ኢትዮጵያ በመሐዲስቶች የተከበቡት የግብፅ ወታደሮች ከሱዳን እንዲወጡ ትረዳለች፤ በአጸፋው የከረንን አካባቢ መልሳ ትይዛለች፤ የጦር መሣሪያ ጭምር ማንኛውም ዕቃ በምፅዋ በኩል ያለ ቀረጥ ይገባላታል። ለኢትዮጵያ ስለ ጦር መሣሪያ የተጻፈው አንቀጽ ታላቅ ትርጉም ነበረው። ከጠላት የተማረከ ጠመንጃ ቢበዛም ጥይቱ ያልቃልና፣ የባሕር በር የሌለው ሠራዊት መሣሪያውን ለረጅም ጊዜ ሊጠቀምበት አይችልም።

ራስ አሉላ የኢትዮጵያን ግዴታ ለመፈጸም ብዙ ደከሙ። በመስከረም 1878 ዓ.ም. በኩፊት በዑስማን ዲግና የተመራውን የመሐዲስቶች ጦር ድል ሲያደርጉ፣ ከራሳቸውም ወገን ብዙ ጀግኖች ወደቁ። እንግሊዝ ግን ቃሏን አላከበረችም። ከኩፊት ውጊያ በፊት፣ በጥር 1877 ዓ.ም. ኢጣሊያ በእንግሊዝ ፈቃድ ምፅዋን ይዛ ነበር። በውሉ የተከፈተው በር በዚህ ተዘጋ።

ኢጣሊያኖች በምፅዋ ሳይወሰኑ ወደ ደጋው በሚያወጣው መንገድ ላይ ሰሐጢን ይዘው መሸጉ። ራስ አሉላ ለቀው እንዲወጡ ቢያስጠነቅቁም የሚሰማቸው አላገኙም። ስለዚህ በጥር ወር 1879 ዓ.ም. ሠራዊታቸውን ይዘው ወረዱና ሰሐጢን ወጉ። በምሽጉ ውስጥ ያለው ጠላት በመድፍና በጠመንጃ ስለ ተከላከለ፣ ብዙ ሰው ሞቶባቸው ወደ ኋላ ለመመለስ ተገደዱ።

ራስ አሉላ ግን በዚህ ተስፋ አልቆረጡም። በማግሥቱ በኮሎኔል ዴ ክሪስቶፎሪስ የሚመራ 500 ያህል ወታደር ለሰሐጢ ስንቅና ጥይት ይዞ ሲመጣ፣ ዶጋሊ ላይ በጉዞ እንዳለ ደረሱበት። አሁን ጠላት የሚከለልበት ምሽግ አልነበረውም። ይዟቸው የነበሩት መትረየሶችም ተበላሽተው ቆሙ። የራስ አሉላ ሠራዊት ኮረብታውን ከብቦ እየተኮሰ ከቀረበ በኋላ በጦርና በጎራዴ ጨረሰው። ከኢጣሊያ ወታደሮች ከ400 በላይ የሚሆኑት ሲሞቱ፣ ከቀሪዎቹም አብዛኛዎቹ ቆስለው ነበር። በሮም ከተማ በባቡር ጣቢያው ፊት ለፊት የሚገኘው አደባባይ በእነዚህ ሟቾች መታሰቢያነት የአምስት መቶዎቹ አደባባይ ተብሎ ይጠራል።

የመጨረሻዎቹ ዓመታት

የዶጋሊ ድል ኢጣሊያን ለበቀል አነሣሣት። ብዙ ሺህ ተጨማሪ ጦር ወደ ምፅዋ ስትልክ፣ ዐፄ ዮሐንስም በ1880 ዓ.ም. እስከ ሰሐጢ ወርደው ነበር፤ ነገር ግን የተጠናከረውን ምሽግ ሳይወጉ ተመለሱ። በመጋቢት 1881 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ በመተማ ከመሐዲስቶች ጋር ሲዋጉ በጥይት ቆስለው ሞቱ። ትግራይ በድርቅና በእርስ በርስ ጠብ ተዳከመች፤ አሥመራም በዚያው ዓመት ማብቂያ ላይ በኢጣሊያ እጅ ወደቀች። ራስ አሉላ ግዛታቸውን ሁሉ አጥተው ከዐፄ ዮሐንስ ልጅ ከራስ መንገሻ ጋር በትግራይ ቆዩ። በ1886 ዓ.ም. ሁለቱም አዲስ አበባ ሄደው ለዐፄ ምኒልክ ገቡ።

የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. በዓድዋ የኢትዮጵያ ሠራዊት የኢጣሊያን ጦር ድል ሲያደርግ፣ ራስ አሉላ ከጦር መሪዎቹ መካከል ነበሩ። ከዶጋሊ ዘጠኝ ዓመት በኋላ ከቀድሞ ጠላታቸው ጋር እንደገና ተገናኝተው አሸነፉ። ከጉንደት እስከ ዓድዋ በጠላት ጥይት መካከል አልፈው በሕይወት የተረፉት እኚህ ሰው የሞቱት ግን በወራሪ እጅ አልነበረም። በ1889 ዓ.ም. ከተምቤኑ ገዥ ከራስ ሐጎስ ጋር ተጣልተው በተወለዱበት አገር ተዋጉ። ራስ ሐጎስ በውጊያው ሞቱ፤ ራስ አሉላም እግራቸውን በጥይት ቆሰሉ። የዓድዋ ድል አንድ ዓመት ሊሞላው ሁለት ሳምንት ያህል ሲቀረው፣ በየካቲት ወር በዚያው ቁስል አረፉ። አስከሬናቸውም ዓድዋ አጠገብ በሚገኘው በአባ ገሪማ ገዳም ተቀበረ።

የራስ አሉላ ታሪክ እንደሚያስረዳው፣ የጦር መሣሪያ ራሱን ለሚከላከል ሕዝብ ታላቅ ኃይል ነው። ሆኖም በጉራዕና በሰሐጢ እንደ ታየው፣ ጊዜና ቦታ ሳይመረጥ ቢተኮስበት ለባለቤቱ አይረዳም። በወንድማማቾች መካከል ከተተኮሰ ደግሞ ወራሪ ያላደረሰውን ጉዳት ያደርሳል። በተምቤን የተደረገው ውጊያ አገሪቱን ለመከላከል ለብዙ ዓመታት የደከሙ ሁለት የጦር አለቆችን በአንድ ጊዜ አሳጥቷታል።

የቃላት ፍች

አፈሙዝ፦ የጠመንጃ አፍ፣ ጥይት የሚወጣበት ጫፍ
እልፍኝ አስከልካይ፦ ወደ ጌታው ክፍል የሚገባውን ሰው የሚቈጣጠር ሹም
መከታ፦ ከአደጋ የሚሸሽጉበት፣ መጠጊያ
አጸፋ፦ ለተደረገ ነገር የሚሰጥ ምላሽ

ጥያቄዎች

1. ሬሚንግተን በአፈሙዙ ከሚጎርሰው ጠመንጃ የሚለየው በምንድን ነው?
2. በ1876 ዓ.ም. በተፈረመው ውል ውስጥ ስለ ጦር መሣሪያ የተጻፈው አንቀጽ ለኢትዮጵያ ለምን አስፈላጊ ነበር?
3. የራስ አሉላ ሠራዊት በሰሐጢ ያልቀናው፣ በዶጋሊ ግን ያሸነፈው ለምን ይመስላችኋል?
4. የኩናማ ዘመቻና የተምቤኑ ውጊያ ከጉንደትና ከዶጋሊ ውጊያዎች በምን ይለያሉ? ሐሳባችሁን በሁለት አንቀጽ ጻፉ።