የጃኪ ኦርምስ ብዕር

ሮዝዌል (አትላንታ)፦ በጣሊያን ወረራ ጊዜ ጋዜጠኛ ሮጀርስን ወደ አገራችን የላከውን ፒትስበርግ ኩሪየር የተሰኘ የጥቁሮች ጋዜጣ አንረሳውም። ካርቱኒስቷ ጃኪ ኦርምስም የወጣችው ከዚያው ነው። በ1937 (እ.ኤ.አ.) ቶርቺ ብራውን የተባለች ልጃገረድ ከሚሲሲፒ ወደ ኒውዮርክ ስትሰደድ በተከታታይ ሥዕል አሳየች፤ እኛ ስደተኞች ታሪኩ አይጠፋንም። በዘመኑ የነጮች ካርቱን ጥቁር ሴትን ከገረድነት አያሳልፋትም ነበር። ኦርምስ ግን የተማረች፣ የዘነጠች፣ ለማንም የማትመለስ አድርጋ ሣለቻት። ከ1945 እስከ 1956 ደግሞ ፓቲ ጆ የተባለች ሕፃን፣ ዝምተኛ ታላቅ እህቷ ፊት ቆማ፣ የዘር መድልዎውንም የመንግሥቱንም ጉድ ስታወጣ አነበቡ። በልጅ አፍ መናገሩን እኛም አገር እናውቅበታለን። ፓቲ ጆ በ1947 አሻንጉሊት ሆና ተሸጠች። ኤፍቢአይ ግን ሠዓሊዋን በኮሚኒስትነት ጠርጥሮ 287 ገጽ መዝገብ አጠራቀመባት። ኦርምስ በ1985 ቺካጎ ውስጥ አረፈች፤ ታላቁ የአይዝነር የክብር መዝገብ ስሟን ያሰፈረው በ2018 ነው።