ያላያትን አገር የጻፈ ደራሲ፤ የሳሙኤል ጆንሰን የሕይወት ታሪክ

ከማንበባችሁ በፊት

በዚህ ምንባብ ውስጥ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው። ምንባቡን ስታነቡ ሁለት ነገሮችን ተከታተሉ። አንደኛው፣ አንድ ደራሲ ከሌላ ደራሲ ምን ሊወርስ እንደሚችል ነው። ሁለተኛው፣ የወረሰውን እንዴት የራሱ እንደሚያደርገው ነው።

ምንባብ

የዓባይ ወንዝ በጎጃም፣ በሰከላ ወረዳ፣ ከግሽ ዓባይ ይነሣል። ጣና ሐይቅን አቋርጦ፣ በጢስ ዓባይ ፏፏቴ ወርዶ፣ ጎጃምን ዙሪያውን ከብቦ ወደ ምዕራብ ይፈስሳል። በመጨረሻም ታላቁ የሕዳሴ ግድብ ወደ ተሠራበት ወደ ጉባ ወረዳ ይደርሳል። የዚህ ወረዳ ከተማ በሆነችው በማንኩሽ የሚኖር ተማሪ ስለ ዓባይ ድርሰት ጻፍ ቢባል፣ ዐይኑ ያየውንና ጆሮው የሰማውን መሠረት አድርጎ ሊጀምር ይችላል። ከሦስት መቶ ዓመት በፊት የተወለደ አንድ እንግሊዛዊ ግን ዓባይን ሳያይ፣ የኢትዮጵያንም ምድር ሳይረግጥ፣ ታሪኩ ከኢትዮጵያ የሚነሣ መጽሐፍ ጽፎ ስሙን በዓለም አስጠራ። ይህ ሰው ሳሙኤል ጆንሰን ነው።

ጆንሰን ሊችፊልድ በምትባል የእንግሊዝ ከተማ በ1709 ተወለደ። አባቱ መጻሕፍት ሻጭ ነበር። ሕፃን ሳለ የያዘው የአንገት ዕጢ በሽታ በፊቱ ላይ ጠባሳ ትቶ፣ የዐይኑንና የጆሮውንም ኀይል አዳክሞበት ነበር። ይሁን እንጂ በአባቱ ሱቅ ያገኘውን መጽሐፍ ሁሉ እያገላበጠ በማንበብ ከዕድሜው የሚበልጥ ዕውቀት ቀሰመ። በ1728 ኦክስፎርድ ዩኒቨርሲቲ ገባ። በዚያም ድህነቱ ከዕለት ወደ ዕለት እየከፋ ሄደ፤ ጫማው ተቀዶ የእግሩ ጣቶች መታየት ጀመሩ። አንድ ሰው አዝኖለት አዲስ ጫማ በበሩ ላይ ቢያስቀምጥለት፣ እንደ ውርደት ቈጥሮ አሽቀንጥሮ ጣለው ይባላል። ከ13 ወር ገደማ በኋላ የሚከፍለው ስላጣ ትምህርቱን አቋርጦ ወደ ቤቱ ተመለሰ። በ1731 አባቱ ሲሞት ለልጁ የተረፈው ውርስ እዚህ ግባ የሚባል አልነበረም።

ጆንሰን ስለ ኢትዮጵያ የጻፈው በዚህ የችግር ዘመን ነው። በኦክስፎርድ ሳለ አንብቧቸው ከነበሩት መጻሕፍት አንዱ የጀሮኒሞ ሎቦ የጉዞ ታሪክ ነበር። ሎቦ የፖርቱጋል ተወላጅ የሆነ የኢየሱሳውያን ማኅበር ቄስ ሲሆን፣ በዐፄ ሱስንዮስ ዘመን፣ በ1625፣ ወደ ኢትዮጵያ ገብቶ ነበር። በአገሪቱ እየተዘዋወረ የዓባይን ምንጭና ፏፏቴውን ተመልክቷል። በሃይማኖት ምክንያት ብዙ ደም ከፈሰሰ በኋላ ዐፄ ሱስንዮስ በ1632 ዙፋናቸውን ለልጃቸው ለዐፄ ፋሲለደስ ለቀቁ። ሎቦም ከማኅበሩ ሰዎች ጋር ከአገር ተባረረ። ያየውን የጻፈበት መጽሐፍ ከጊዜ በኋላ ወደ ፈረንሳይኛ ተተርጉሞ በ1728 ታተመ።

ጆንሰን ይህን መጽሐፍ ከፈረንሳይኛ ወደ እንግሊዝኛ ለመመለስ በበርሚንግሃም ከተማ ከአንድ አሳታሚ ጋር ተስማማ። ነገር ግን ሥራውን ከጀመረ በኋላ ስንፍናና የመንፈስ ጭንቀት ያዘው። በዚህ ጊዜ ኤድመንድ ሄክተር የተባለው የልጅነት ጓደኛው ሥራው በመቋረጡ ምክንያት አታሚውና ቤተሰቡ እየተቸገሩ መሆናቸውን ነገረው። ጆንሰንም ይህን ሲሰማ አዘነ። አልጋው ላይ እንደ ተጋደመ መጽሐፉን በፊቱ ዘርግቶ በቃሉ ይተረጉም፣ ሄክተርም እየተቀበለ ይጽፍ ጀመር። የተጻፈውንም ወረቀት ወደ ማተሚያ ቤት የሚያመላልሰው ሄክተር ራሱ ነበር። መጽሐፉ በ1735 ያለ ተርጓሚው ስም ታተመ። ጆንሰን ለድካሙ ያገኘው ዋጋ አምስት ጊኒ ብቻ ነበር።

በዚህ የመጀመሪያ መጽሐፍ ላይ አንድ ልብ ሊባል የሚገባው ነገር አለ። በትርጉሙ ውስጥ የሚሰማው በአብዛኛው የሎቦ ድምፅ ነው። በመቅድሙ ውስጥ ግን የጆንሰን የራሱ አጻጻፍ ለመጀመሪያ ጊዜ ይታያል። በዚያ መቅድም ሎቦን ያመሰገነው ያየውን ያለ ተአምርና ያለ ማጋነን በመተረኩ ነው። ሃይማኖትን በኀይል ለመጫን የተደረገውን ጥረት ግን አጥብቆ ነቅፏል። የሩቅ አገር ሰው እንደማንኛውም ሰው ደግነትና ክፋት የተቀላቀሉበት መሆኑን በዚህ ዕድሜው ተረድቶ ነበር።

ጆንሰን ከዚያ በኋላ ትዳር መሥርቶ ትምህርት ቤት ከፈተ፤ ተማሪ ግን በበቂ አላገኘም። ስለዚህ በ1737 ከተማሪዎቹ ከአንዱ ከዴቪድ ጋሪክ ጋር ወደ ሎንዶን ሄደ። ጋሪክ ኋላ በእንግሊዝ አገር የታወቀ ተዋናይ ለመሆን በቅቷል። ጆንሰን ለመጽሔት እየጻፈ ከእጅ ወደ አፍ በሆነ ኑሮ ሲኖር ቆይቶ፣ በ1738 ስለ ሎንዶን ከተማ የጻፈው ግጥም ስም አስገኘለት። ይህ ግጥም ጁቬናል የተባለው ጥንታዊ የሮማ ባለቅኔ ስለ ሮማ ከተማ የጻፈውን ምጸት የተከተለ ነው። ጆንሰን የማንን ፈለግ እንደተከተለ አልደበቀም። እንዲያውም አንባቢው ሁለቱን እንዲያነጻጽር የላቲኑ ቃል ከገጹ ግርጌ እንዲታተም አሳስቧል። በአገራችን የቅኔ ቤትም ተማሪው የመምህሩን ቅኔ እየሰማ፣ ምሥጢሩንም እየመረመረ ይማራል፤ ቅኔ በሚዘርፍበት ጊዜ ግን የሌላውን ደግሞ ቢያቀርብ አይመሰገንም። የጁቬናልም መንገድ ለጆንሰን እንዲሁ ነበር፤ ሥርዓቱን ከመምህሩ ወሰደ፣ ከተማውና ቍጣው ግን የራሱ ነበሩ።

በ1746 የእንግሊዝኛን መዝገበ ቃላት ለማዘጋጀት ውል ገባ። ስድስት ረዳቶች ብቻ ይዞ ዘጠኝ ዓመት ያህል ደከመ። ሥራው በ1755 ሲታተም ከ40,000 በላይ ቃላትን የያዘ ነበር። የቃላቱን አገባብ ለማስረዳት ከሼክስፒር፣ ከሚልተን፣ ከድራይደንና ከሌሎችም ጸሐፊዎች ከ100,000 በላይ ምሳሌዎችን ሰብስቧል። ይህን ያህል ምሳሌ ለመልቀም የቀደሙትን ደራስያን ሥራ ቃል በቃል መመርመር ነበረበት። ስለዚህ መዝገበ ቃላቱ ለሕዝብ መማሪያ ከመሆኑ በፊት ለአዘጋጁ ለራሱ ትልቅ ትምህርት ቤት ሆነለት። ከዚህ ሥራ ጎን ለጎን በሳምንት ሁለት ጊዜ የሚወጣ የመጣጥፍ ጽሑፍ ለሁለት ዓመት ያህል አዘጋጅቷል። በ1752 ግን ሚስቱ ሞታ ብቻውን ቀረ።

ጥር 1759 ለጆንሰን መራራ ወር ነበር። በሊችፊልድ የምትኖረው እናቱ ታምማ በሞት አፋፍ ላይ ሳለች እሱ በሎንዶን ገንዘብ ቸግሮት ነበር። እናቱን ካያት ወደ ሃያ ዓመት ይጠጋል። በሕይወት ሳለች ሊደርስላት አልቻለም። የቀብሯን ወጪና የቀሩባትን ጥቃቅን ዕዳዎች ለመክፈል ሲል በአንድ ሳምንት ምሽቶች አንድ መጽሐፍ ጽፎ ጨረሰ ይባላል። አሳታሚዎቹ 100 ፓውንድ፣ ለሁለተኛውም እትም 25 ፓውንድ ከፈሉት። በዚያው ዓመት በሚያዝያ የታተመው ይህ መጽሐፍ ራስላስ በሚለው ስም የሚታወቀው ነው።

የመጽሐፉ ባለታሪክ ራስላስ የኢትዮጵያ ንጉሠ ነገሥት ልጅ ነው። በአማራ ምድር፣ በተራራ በታጠረ ሸለቆ ውስጥ፣ ከእኅቱና ከሌሎች መሳፍንት ጋር ይኖራል። ምግቡም ጨዋታውም ሞልቶለታል፤ ልቡ ግን አላረፈም። ኢምላክ ከተባለ ባለቅኔ ጋር መክሮ፣ ተራራውን ሰርስሮ ከእኅቱና ከደንገጡሯ ጋር ያመልጣል። ከዚያም የደስታን ኑሮ ለመፈለግ ወደ ካይሮ ይወርዳል። እረኞችን፣ ባለጸጎችን፣ ባሕታዊውንና ፈላስፋውን ይጠይቃል። ስለ ትዕግሥት የሚያስተምረው ፈላስፋ ልጁ በሞተችበት ዕለት በኀዘን ተሰብሮ ያገኘዋል። በመጨረሻም የዓባይ ሙላት ቤት ውስጥ ዘግቶባቸው ሲመካከሩ የምኞታቸው ሁሉ ፍጻሜ ሩቅ መሆኑን ተረድተው ወደ ኢትዮጵያ ለመመለስ ይወስናሉ። እናቱን ሊቀብር ገንዘብ የፈለገ ሰው የጻፈው መጽሐፍ ደስታን ፍለጋ ሄዶ ባዶ እጁን የተመለሰ ሰው ታሪክ ሆነ።

የዚህ ታሪክ ሥረ መሠረት በወሎ፣ በአምባሰል የሚገኘው ግሸን አምባ ነው። ቀደም ባለው ዘመን የነገሥታት ልጆች በዙፋን እንዳይጣሉ በዚያ ይጠበቁ ነበር። የአምባው ወሬ በተጓዦች መጻሕፍት አማካይነት አውሮፓ ደርሶ፣ ከጆንሰን በፊት ሚልተን በ1667 ባሳተመው ታላቅ ግጥም ውስጥ ጠቅሶታል። ራስላስ የሚለውም ስም የዐፄ ሱስንዮስ ወንድም ከነበሩት ከራስ ሥዕለ ክርስቶስ ስም የተወሰደ መሆኑን ብዙ ተመራማሪዎች ያምናሉ። የእኚህ ራስ ስም በሎቦ መጽሐፍ ውስጥ ይገኛል። ነገር ግን እውነተኛው ግሸን ነፋስና ብርድ የበዛበት ከፍተኛ አምባ እንጂ የተድላ ሸለቆ አይደለም። ጆንሰን አምባውን ወደ ሸለቆ፣ ጥበቃውንም ወደ ሰው ልጅ የኑሮ ጥያቄ ለወጠው። በአምስት ጊኒ የተረጎመው መጽሐፍ ከ24 ዓመት በኋላ ለራሱ ኀዘን ልብስ ሆኖ ተገኘ።

የጆንሰን አጻጻፍ ክብደት ያለው ነው። ዓረፍተ ነገሮቹ ረዣዥም ሲሆኑ፣ አንዱ ሐረግ ከሌላው ጋር በሚዛን ይቀመጣል፤ ምስጋናና ነቀፋ፣ ተስፋና ፍርሃት ጎን ለጎን ይቆማሉ። ከላቲን የመጡ ቃላትንም ያዘወትራል። ይህን ስልት ሰር ዊልያም ቴምፕልን ከመሰሉ ቀደምት ጸሐፊዎች እንደተማረ ራሱ ተናግሯል። ስልቱ ጉድለትም ነበረበት። በራስላስ ውስጥ መስፍኑም ልዕልቲቱም ባለቅኔውም የሚናገሩት በአንድ ዓይነት አንደበት ነው። ወዳጁ ኦሊቨር ጎልድስሚዝ፣ ጆንሰን የትናንሽ ዓሦችን ተረት ቢጽፍ ዓሦቹ ሁሉ እንደ ዓሣ ነባሪ ይናገሩ ነበር በማለት ቀልዶበታል። በሸመገለ ጊዜ የጻፋቸው፣ ከ1779 እስከ 1781 የታተሙት የባለቅኔዎች የሕይወት ታሪኮች ግን ከቀደሙት ሥራዎቹ ይልቅ ለአንባቢ የቀለሉ ናቸው።

በ1762 ንጉሡ በዓመት 300 ፓውንድ ጡረታ ስለ ፈቀዱለት ኑሮው ተቃና። ቢሆንም የወጣትነት በደሉን አልረሳም። አባቱ በሕይወት ሳለ አንድ ቀን ወደ ገበያ ሄዶ መጻሕፍት እንዲሸጥለት ቢያዝዘው በኩራት እምቢ ብሎ ነበር። ከብዙ ዘመን በኋላ፣ በሽምግልናው፣ አባቱ ይሸጥበት በነበረው ስፍራ ሄዶ ባርኔጣውን አውልቆ በዝናብ ቆመ። ጆንሰን ታኅሣሥ 13 ቀን 1784 ሎንዶን ውስጥ ዐረፈ፤ በዌስትሚንስተር አቢም ተቀበረ። ወዳጁ ጄምስ ቦዝዌል በ1791 ያሳተመው የሕይወት ታሪኩ እስከ ዛሬ ይነበባል። ታዋቂዋ ደራሲ ጄን ኦስተንም የጆንሰንን ዝርው ጽሑፍ ታደንቅ ነበር። እሷም የዓረፍተ ነገሩን ሚዛን ወርሳ፣ ክብደቱን አቅልላ፣ ለራሷ ፈገግታ ተጠቀመችበት።

ራስላስ ወደ ተነሣበት አገርም ተመልሷል። የብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ ልጅ ሲራክ ኅሩይ ከጣልያን ወረራ በኋላ መጽሐፉን ወደ አማርኛ ተርጉመውታል። ሎቦ ከኢትዮጵያ ይዞት የወጣው ወሬ በፈረንሳይኛና በእንግሊዝኛ በኩል አልፎ፣ መልኩን ለውጦ፣ ከሦስት መቶ ዓመት በኋላ በአማርኛ አገሩ ገባ። የዓባይ ውኃም ከግሽ ሲነሣና ጉባ ሲደርስ አንድ አይደለም፤ ባለፈበት አገር ሁሉ አፈርና ገባር እየተቀበለ ይወርዳልና። የደራሲም ውርስ እንዲሁ ነው።

መልመጃ

ሀ. የሚከተሉትን ጥያቄዎች በምንባቡ መሠረት መልሱ።

1. ጆንሰን የሎቦን መጽሐፍ ተርጉሞ እንዲጨርስ ያነሣሣው ምንድን ነው?
2. ከሎቦ መጽሐፍና ከግሸን አምባ ወሬ ምን ወሰደ? ምንስ ለወጠ?
3. የጎልድስሚዝ ቀልድ የትኛውን የአጻጻፍ ጉድለት ያመለክታል?
4. ጆንሰን በዝናብ የቆመው ለምን ይመስላችኋል?

ለ. የሚከተሉት ቃላትና ሐረጎች በምንባቡ ውስጥ የያዙትን ፍች ከጻፋችሁ በኋላ በየራሳቸው ዓረፍተ ነገር ሥሩባቸው።

ምጸት፣ አሽቀንጥሮ፣ ደንገጡር፣ ከእጅ ወደ አፍ፣ እዚህ ግባ የማይባል

ሐ. በሚዛን የተቀመጠ ዓረፍተ ነገር ሁለት ተቃራኒ ሐሳቦችን እኩል አድርጎ ይይዛል። ለምሳሌ፦ ገንዘብ ቤት ያሠራል እንጂ ቤተሰብን አያፋቅርም። እንጂ፣ ግን እና ይሁን እንጂ በሚሉት ቃላት እየተጠቀማችሁ ስድስት ዓረፍተ ነገሮችን ጻፉ።

መ. ድርሰት። ያላያችሁትን፣ ነገር ግን ከመጽሐፍ ወይም ከሽማግሌ አፍ የሰማችሁትን አንድ ስፍራ መርጣችሁ ሁለት አንቀጽ ጻፉ። በመጀመሪያው አንቀጽ የሰማችሁትን ሳትጨምሩና ሳታጋንኑ ግለጹ። በሁለተኛው አንቀጽ ስፍራው በእናንተ ልብ ያስነሣውን ሐሳብ በራሳችሁ አነጋገር ጻፉ።