አርተር መሬይ፣ የዳንስ አስተማሪው

አርተር መሬይ እ.ኤ.አ. በ1895 በዚያን ጊዜ የኦስትሪያ ሀንጋሪ ግዛት በነበረችው በጋሊሲያ ከአይሁድ ቤተሰብ ተወለደ። ወላጆቹ ያወጡለት ስም ሞዘስ ሲሆን የቤተሰቡ መጠሪያ ታይክማን ነበር። ገና ሕፃን ሳለ ወደ አሜሪካ ተወስዶ፣ ድኾች መጤዎች ተጨናንቀው በሚኖሩበት የኒውዮርክ ከተማ ምሥራቃዊ ሠፈር አደገ። አባቱ ዳቦ ጋጋሪ ነበር። ልጁ ዓይን አፋር ስለ ነበረ ከልጃገረዶች ጋር መነጋገር እጅግ ይጨንቀው ነበር። ዳንስ የተማረውም ይህንኑ ለማሸነፍ ሲል ነው።

ቀን ቀን ንድፍ እየሣለ፣ ማታ ማታ ዳንስ ማስተማር ጀመረ። በአንደኛው የዓለም ጦርነት ዘመን የጀርመን ስም በአሜሪካ ስለ ተጠላ፣ መጠሪያውን ለውጦ መሬይ ተባለ። ከዚያም በአትላንታ ከተማ በሚገኘው የጆርጂያ የቴክኖሎጂ ተቋም የንግድ ሥራ ትምህርት ተከታተለ። በዚያም እ.ኤ.አ. በ1920 በተቋሙ ግቢ የሚጫወት ባንድ ሙዚቃው በሬዲዮ እንዲተላለፍ አድርጎ፣ በሌላ ሥፍራ በአንድ ሕንፃ ጣራ ላይ የተሰበሰቡት ተማሪዎች ያን እየሰሙ ደነሱ።

መሬይን ባለጸጋ ያደረገው ግን ወረቀት ነው። የጫማ ኮቴ ቅርፅ አሳትሞ፣ የዳንስን እርምጃ በፖስታ ይሸጥ ጀመር። ገዢው ወረቀቱን እየተመለከተ በቤቱ ወለል ላይ ግራና ቀኙን በየተራ እየረገጠ ቫልስ ይለማመዳል። አሳቡ ቀላል ይመስላል፤ ሆኖም እንደ እርሱ ለሚያፍር ሰው፣ ማንም ሳያየው በጓዳው ተሳስቶ መታረም መቻሉ ቀላል ነገር አልነበረም።

እ.ኤ.አ. በ1925 ካትሪንን አገባ። በ1938 ደግሞ ሌሎች ሰዎች ክፍያ እየፈጸሙ በስሙ የዳንስ ትምህርት ቤት እንዲከፍቱ መፍቀድ ጀመረ።

ቴሌቪዥን በየቤቱ መግባት ሲጀምር፣ እ.ኤ.አ. በ1950 የራሳቸውን ፕሮግራም ከፈቱ። መሬይ በካሜራ ፊት ጥቂት የሚናገርና ፊቱ የማይፈታ ሰው ስለ ነበረ፣ ፕሮግራሙን የምትመራው ካትሪን ነበረች፤ የፕሮግራሙም ሕይወት እርሷ ነበረች ማለት ይቻላል። እርሷ አነስተኛ ቁመት ያላት፣ ቀልደኛና ፈጣን ሴት ነበረች። በየሳምንቱ ዳንስ ታስተምራለች፤ ታዋቂ ተዋንያንና ዘፋኞችም እንደ ማንኛውም ጀማሪ ይወዳደሩ ነበር። የታየውን ዳንስ ስም አውቆ ለጻፈ ተመልካች ነፃ ትምህርት ይሰጠው ስለ ነበር፣ ፕሮግራሙ መዝናኛም ማስታወቂያም ነበር። በመጨረሻም ባልና ሚስቱ አብረው ቫልስ ይደንሳሉ።

ፕሮግራሙ እ.ኤ.አ. እስከ 1960 ቆየ። በዚያው ዓመት የአሜሪካ ፌዴራል ንግድ ኮሚሽን፣ ድርጅቱ ደንበኞችን በሚያታልል ማስታወቂያ እንዳይስብ አዘዘ። መሬይ እ.ኤ.አ. በ1964 ከድርጅቱ ፕሬዚዳንትነት ወረደ፤ በ1991 በ95 ዓመቱ በሀዋይ በሆኖሉሉ ከተማ ሞተ። ካትሪንም ከስምንት ዓመት በኋላ በዚያችው ከተማ አረፈች።